ሶፋው ሳይከፈል

እኔ አስታዋሽ ነኝ፤ ፊቴን አታውቁትም፣
ስሜ ማስታወቂያው ላይ ተለጥፎ አያውቅም።
ከመጋረጃው ጥግ፣ በባትሪ ጭላንጭል፣
ሰው ቃሉ ሲጠፋው አቀብላለሁ ቃል፤
ሠላሳ አንድ ዓመት፣ አንድም ቀን ሳልዘል።

ቤታችን ፒያሳ፣ ከወርቅ ቤቶች ኋላ፣
ጣሪያው የሚያፈስስ፣ ወንበሩ የላላ።

ሐሙስ ዕለት ጧት ልደታ ፍርድ ቤት ቀርበው
በልሁና ማንአህሎሽ ፍቺ ተፈራርመው፣
ድስቱን ለእሷ፣ ክዳኑን ለእሱ ተካፍለው፣
እሑድ በዘጠኝ ሰዓት፣ በሁለተኛው ገቢር፣
ሊጋቡ ነው እንግዲህ፣ ሕዝብ ፊት፣ በክብር።

በክፍሎቻቸው መሃል አንድ ስስ ኮምፖልሳቶ፤
ይሰማማሉ፣ ግን ሁሉ ነገር በእኔ ዞሮ፣ በእኔ መጥቶ፦
«በለው እስቲ፣ ሽንኩርት በልቶ እንዳይስመኝ።»
«በላት፣ ለእንባ ነው፤ እሷን ሳይ ዓይኔ አላነባ አለኝ።»
«በለው፣ ሰው ሚስት ሲያገባ ምን ያስለቅሰዋል?»
«በላት፣ የቀመሰ ያውቀዋል።»

ያን ሰዓት ስልክ ጮኸ፤ ጋሽ ንጋቱ ነው፣
ሽማግሌ ሆኖ የሚያጋባቸው።
«አራት ኪሎ ነኝ» አለ፣ «መንገዱ ተዘግቷል፤
ጢሜን ለጥፌ ነው የወጣሁት፣ ረዳቱ "አባቴ" ብሎ ወንበር አስለቅቆልኛል፤
አሁን ወርጄ ብሮጥ ይታዘበኛል።»

መጋረጃው ተከፈተ።

በኋላው በር በኩል፣ በአይሱዙ መጥቶ፣
ሁለት ተሸካሚ አስከትሎ፣ ደረሰኙን አውጥቶ፣
የዱቤ ቤቱ ሰው፣ አቶ ዘውገ፣ ገባ፤
መብራቱ ዓይኑን ወግቶት ቆመ፣ እግሩ ስር አበባ።

«የዚህ ሶፋ ባለዕዳ ማነው?» አለ።
አዳራሹ በሳቅ ፈነዳ።
በልሁ ፈጠን ብሎ፦ «እኔ ነኝ አባባ፤ ይህችውና ዕዳ!»
ማንአህሎሽ ቬሎዋን ሰብስባ ሶፋው ላይ ተዘረጋች፦
«ከፈለግህ ከነእኔ ጫነው፤ ለሱ ክዳን ይበቃዋል!»
(የድስቱን ነገር የማውቅ እኔ ብቻ ነኝ።
ሕዝቡ ግን ሳቀ።)

ተሸካሚዎቹ የታዘዙትን ነው፤ አነሱት፣
ሙሽራዋን ከነቬሎዋ።
ሙሽራው ዘሎ ከጫፉ ተንጠለጠለ።

ዘውገ ዕድሜ ልኩን ሲያንኳኳ በር የሚቆለፍበት፣
ገና ከሩቅ ሲያዩት መንገድ የሚቀየርበት፣
አራት መቶ ሰው ፊቱን አይቶ ሲያጨበጭብለት
ደረሰኙ ከእጁ ላላ፤ የሚለው ጠፋበት።
ወደ እኔ ዞረ።
ቃል ያጣ ሰው ሳይ አላስችል ይለኛል፤
የጋሽ ንጋቱን ቃል በሹክሹክታ ወረወርኩለት።
«ልጆቼ፣ ቃል ተሰጣጡ!» አለ፤
ቆየና ከራሱ ጨመረ፦
«የዘገየ ወለድ አለው!»

ተራው የበልሁ ነው። መሐላው አራት ስንኝ፤
መቶ ጊዜ ብሎታል። አሁን ጠፋው። አየኝ።
ቃሉ ምላሴ ላይ ነበር።
አላቀበልኩም።
ለምን እንደሆነ አትጠይቁኝ።

እጁን ኪሱ ከተተ፦
«ሐሙስ የፈረምኩበት እስክሪብቶ ያንቺ ነበር።
ሳልመልስልሽ ወጣሁ።
ይኸው ሦስት ቀን፣ ሱሪ ስቀይር አብሮኝ ይቀየራል።»
ማንአህሎሽ ከሶፋው፣ ከአየር ላይ፣ ቁልቁል አየችው።
«ክዳኑስ?»

ሰው በሳቅ ከወንበር ወደቀ።
ጋሽ ንጋቱ ሲደርስ፣ ጢሙ በላብ ግማሹ ተላቆ፣
እጅ እየነሳን ነበር፤
እሱም መሃል ገብቶ፣ ምንም እንዳልቀረበት፣ እጅ ነሳ።

ታረቁ ወይ ትሉኝ ይሆናል።
ኮምፖልሳቶው አሁንም አለ፤ ሽንኩርቱም ይሸታል።
ሶፋውም እዚያው ነው፤ ዘውገ ሊወስደው በየእሑዱ ይመጣል፣
ጢም ተለጥፎለት።
ጋሽ ንጋቱ አያናግረውም።

እስክሪብቶው መድረኩ ላይ ወድቆ አደረ፤
ስጠርግ አገኘሁት፣ የጠየቀኝ የለም።
ይህን የጻፍኩት በሱ ነው።
ቀለሙ ይዘላል። ክዳን የለውም።